ዝም ያለ ተስማምቷል

ሾፌሩ ዝግታ በዚያ ማለዳ ወደ መናኸሪያው ሲገባ የአማቹን አውቶቡስ አፍንጫውን በሩ ላይ ደቅኖ ቆሞ አገኘው።

በመናኸሪያው አፍንጫውን በሩ ላይ የሚደቅነው ተረኛ ብቻ ነው። የማለዳው የመጀመሪያ መውጫ ደግሞ የዝግታ ነበር። አውቶቡሱ ገና አዲስ ሳለ ጀምሮ የክር ፋብሪካውን ሠራተኞች በሩ ሳይዘጋባቸው የሚያደርሳቸው እሱ ነው። ስሙንም ያወጡለት እነሱ ናቸው። ፍሬን ሲይዝ የተኛ ሕፃን እንዳይነቃ የሚጠነቀቅ ይመስላል። ሰው ሲቀድመው መንገድ ይለቃል። ክላክስ ሲነፋ የሰማው ሰው የለም። ሁልጊዜ ከሾፌሩ ጀርባ መስኮቱ አጠገብ የምትቀመጥ አንዲት ፈታይ፣ «ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል ይላሉ፤ በዝግታ አውቶቡስ ግን እንቁላሉ ቀድሞን ደርሶ፣ ፊቱን ታጥቦ ነው የሚጠብቀን» ትል ነበር። እሱም በመስታወት እያያት «ቸኩለሽ ከሆነ ከእንቁላሉ ጋር ሂጂ» ይላታል። አውቶቡሱ በሙሉ ይስቃል። ፋብሪካው ግን አንድም ቀን በሩን ዘግቶባቸው አያውቅም።

በሩ ላይ የቆመው አውቶቡስ ባለቤት የታናሽ እህቱ ባል ነው። እሱን ጥሩምባ ይሉታል። በየመታጠፊያው፣ በየድልድዩ፣ ዶሮ ስታቋርጥ እንኳን ይነፋል። የጥሩምባ መውጫ ረፋድ ላይ ነበር፤ የገበያ ሰው ከነጆንያው የሚሳፈርበት ሰዓት። ሁለቱ አማቾች ለዓመታት እንዲህ ተካፍለው ኖረዋል፤ አንዱ የፋብሪካውን፣ አንዱ የገበያውን።

ዝግታ ተራ አስከባሪው ዘንድ ሄደ። ተራ አስከባሪው ፊሽካውን በአፉ ይዞ ያረጀ ሽማግሌ ነው።

«አባባ፣ ይሄ ሰው በሩ ላይ ምን ይሠራል?»

ሽማግሌው ፊሽካውን አወጣ። «ሰሌዳውን እይ፣ ልጄ።»

ሰሌዳው ከስምሪት ቢሮው መስኮት አጠገብ የተሰቀለ ነው፤ መውጫ ሰዓት በጠመኔ ይጻፍበታል። ከላይ፣ የዝግታ የጎን ቁጥር ለዓመታት በነበረበት ቦታ፣ የጥሩምባ ቁጥር ተጽፏል። የእሱ ቁጥር አንድ መስመር ዝቅ ብሎ፣ ከአማቹ ጭራ ላይ ተለጥፏል፤ ሁለት ሰው ሰላምታ ተለዋውጦ ሳይጨርስ የሚያልፍ ልዩነት። ረፋዱ ላይ አንድ አዲስ ቁጥር ነበር። ዝግታ እሱን ልብ አላለውም። ዓይኑ የራሱን ብቻ ነበር የሚያየው።

«ማነው የቀየረው?»

«ስምሪት ነዋ።»

«እኔን ሳይጠይቅ?»

«እንዴት አልጠየቀህም? ትናንት በድምፅ ማጉያው ተጠርተሃል። የጎን ቁጥርህ ሦስት ጊዜ ተጠራ፤ ተቃውሞ ያለው መስኮቱ ጋ ይቅረብ ተባለ። አልቀረብክም። ዝም ያለ ተስማምቷል። ደንቡን ታውቀው የለ?»

«መቼ ነው የተጠራሁት?»

«ጠዋት። አንተ እንደወጣህ።»

«እንደወጣሁ! በሩን ከፍተህ ያስወጣኸኝ አንተ አይደለህም እንዴ?»

«እኔ የምከፍተው በር ነው፣ ልጄ። የሰው ጆሮ የሚከፍት ሌላ ነው።»

«ይሄስ?» አለ ዝግታ፣ ወደ አማቹ አውቶቡስ እየጠቆመ።

«ተስማምቷል» አለ ሽማግሌው፤ ፊሽካውን መልሶ ጎረሰ።

ዝግታ የሄደበትን አላወቀውም። ራሱን ያገኘው የአማቹ መስኮት ሥር ነው። ጥሩምባ መሪውን በሁለት እጁ ይዞ ወደ ፊት ያያል። ፊቱ ያልተኛ ሰው ፊት ነበር።

«ውረድ» አለው ዝግታ።

«ምን ፈለግህ?»

እህቱን ካገባ ጀምሮ ጥሩምባ «ጋሼ» ሳይለው ተናግሮት አያውቅም።

«ውረድ አልኩህ! እህቴን ሰጥቼህ፣ ልጆችህን አዝዬ፣ አንተ ከጀርባዬ…»

«ተስማምተህ ስታበቃ ነው ዛሬ ሰው ፊት የምትጮኸው?» አለ ጥሩምባ። «ሂድ እዚያ!»

ዝግታ ይሄን እንደ ፌዝ ቆጠረው። ዝም አሰኝቶ የቀማው ሰው ዝምታውን መልሶ የሚወረውርበት መሰለው። እጁን በመስኮቱ አስገብቶ ኮሌታውን ያዘ፤ ሳበው። ጥሩምባ በሩን በጉልበቱ በርግዶ ከፈተው። የበሩ ጠርዝ ዝግታን ግንባሩ ላይ አገኘውና ወደ ኋላ ሄደ። ተመልሶ ሳይቆም ጥሩምባ ዘሎ ወረደና በቴስታ አፍንጫውን አለው። የሚሰበር ነገር ድምፅ ከራሱ ውስጥ ተሰማው። ደሙ በአንዴ አገጩን፣ ሸሚዙን፣ ጫማውን አለበሰው።

«ገላግሉ! ኸረ ገላግሉ!»

ዝግታ ከመሬት ድንጋይ አንስቶ ወረወረ። የጥሩምባ የጎን መስታወት ረገፈ። የራሱ ረዳት ከኋላ መጥቶ ወገቡን አቀፈው። ረዳቱ ትልቅ ሰው ነው፤ ከሱ ጋር ጸጉሩን ያሸበተ። «ተው ጋሼ፣ ተው፣ ሰው ያያል» ይለዋል። ሽማግሌው ፊሽካውን ነፋ፤ ፀብ ለማብረድ ግን አልነበረም፤ የመውጫ ሰዓት ስለደረሰ ነው። ጥሩምባ ዘሎ ወደ ጋቢናው ወጣና ክላክሱን ያለማቋረጥ እየነፋ ከበሩ ወጣ።

ዝግታ አፍንጫውን በጨርቅ ይዞ ስምሪት ቢሮ ገባ።

ቢሮው ጠባብ ነው። አንድ ጠረጴዛ፣ በጨርቅ የተሸፈነ ማይክሮፎን፣ ወደ ግቢው የሚከፈት መስኮት። የስምሪት ኃላፊው ሻይ እያማሰለ ነበር። ዝግታን ሲያይ መጀመሪያ ያሰበው ለወለሉ ነው።

«ደምህን እዚያው ጠርገህ ግባ።»

«ጌታዬ፣ ስሙኝ።»

«ልሰማህ ትናንት ጠርቼህ ነበር።»

«ትናንት በዚያ ሰዓት ሰው ጭኜ መንገድ ላይ ነበርኩ። በዚያ ሰዓት ውጣ ያላችሁኝም እናንተው ናችሁ። ስለ ሰዓቴ ልትጠይቁኝ በሰዓቴ ትጠሩኛላችሁ?»

«ደንቡ ለሁሉም እኩል ነው» አለ ኃላፊው። «ተቃውሞ የሚሰማው በሳምንት አንድ ጠዋት ነው። ማክሰኞ። ያመለጠው በሚቀጥለው ማክሰኞ እንደገና ይጠራል፤ ከዚያ ወዲያ የለም። ያን ጊዜ ቅረብ።»

«ማክሰኞ ጠዋትም እኮ መንገድ ላይ ነኝ።»

«እንግዲያው ዝም አልክ ማለት ነው።»

«እሺ ለምን እንደቀየራችሁት እንኳን ንገሩኝ። ምን አጠፋሁ?»

ኃላፊው ማንኪያውን ከብርጭቆው አውጥቶ አራገፈው። «ምክንያት የሚነገረው ለተቃወመ ሰው ነው። አንተ አልተቃወምክም።»

ዝግታ ጠረጴዛውን በመዳፉ መታ። ብርጭቆው ዘሎ ወለሉ ላይ ተከሰከሰ፤ ሻዩ የኃላፊውን ሱሪ አለበሰው። ኃላፊው ድምፁን እንኳን አላነሳም። «ጥበቃ» ብቻ አለ። ሁለት ጥበቃዎች ገቡ። አንደኛው የዝግታን እጅ ወደ ጀርባው ጠመዘዘ፤ ሁለተኛው በቆመጥ ኩላሊቱን አለው፤ ሲታጠፍ ደግሞ ጉልበቱን። በሁለት ብብቱ እየጎተቱ ደረጃው ሥር ጣሉት።

ረዳቱ አፈሩን አራገፈለት። «ውሃ ሲጎድል ተሻገር፣ ዳኛ ሲገኝ ተናገር ይላሉ አባቶች» አለ። «የኛ ዳኛ ግን ውሃው ሲሞላ ብቻ ነው የሚገኘው።»

ዝግታ አልሳቀም። ተነስቶ አውቶቡሱን አስነሳ።

ከዚያ ወዲያ በየጠዋቱ የአማቹን ጭስ እየዋጠ ተጓዘ። ፌርማታዎቹ ባዶ ነበሩ። ረዳቱ ከልማድ የተነሳ ባዶ መንገድ ላይ «ፋብሪካ! ፋብሪካ!» ይላል፤ ከዚያ አፍሮ ዝም ይላል። ሰው ምን ያድርግ? ቀድሞ የመጣውን ይሳፈራል። ታማኝ ሆነው የቀሩት ፈታይዋና ጥቂት ጓደኞቿ ናቸው። ዝግታ ወደ ቤቱ ሲገባ ሚስቱን አያናግራትም። ሽንቱ ለሁለት ቀን ቀልቶ ነበር፤ ለማንም አልነገረም። አፍንጫው አብጦ በአፉ ይተነፍሳል። በየትንፋሹ «ተስማምቷል» የሚለው ቃል ይመላለስበታል። የእህቱ ቤት ከመናኸሪያው ጀርባ ካለው ሰፈር ነው። በዚያ ሲያልፍ ፊቱን ያዞራል።

ሰኞ ጠዋት ጥሩምባ ከድልድዩ በፊት ካለው ጠመዝማዛ ላይ ቆሞ ሰው ሲጭን ዝግታ ከኋላው ደረሰ። መንገዱ ተዘግቷል። ጥሩምባ አልቸኮለም። የመጨረሻዋን ሴት ከነቅርጫቷ አሳፈረና ክላክሱን ረዥም አድርጎ ነፍቶ ተንቀሳቀሰ።

ዝግታ ማርሽ ቀየረ። እግሩ ነዳጁን ረገጠ፤ አላነሳውም።

«ዛሬ እንቁላሉን ልንቀድመው ነው መሰለኝ!» አለች ፈታይዋ እየሳቀች። ሁሉም ሳቁ። አውቶቡሱ መንቀጥቀጥ ሲጀምር ሳቁ ቆመ።

«ጋሼ፣ ድልድዩ!» አለ ረዳቱ። «ጋሼ ተው!»

ዝግታ በሕይወቱ ለመጀመሪያ ጊዜ ሌላ አውቶቡስ ሊቀድም ወጣ። ጎን ለጎን ሆኑ። ጥሩምባ በተሰበረው መስታወት ምክንያት ዘግይቶ ነው ያየው፤ ሲያየው ግን አልለቀቀም፤ እሱም ረገጠ። ሁለቱ አውቶቡሶች እየተንጋጉ ወደ ድልድዩ ወረዱ። በጥሩምባ አውቶቡስ ውስጥ ልጅ የታቀፈች ሴት ወለሉ ላይ ተቀመጠች። አንድ ሽማግሌ ጣሪያውን በከዘራ እየደበደቡ «አውርደኝ! አውርደኝ አንተ ሰውዬ!» ይላሉ። ፈታይዋ እንዳትወድቅ የመስኮቱን ጠርዝ በእጇ ጨብጣ ነበር፤ ጣቶቿ ወደ ውጭ ወጥተዋል።

መንገዱ ሲጠብ ብረት ብረትን አገኘው፤ በቀኝ የአማቹ አውቶቡስ፣ በግራ የድልድዩ መግቢያ ብረት።

ጩኸቱ ረዥም ነበር፤ መጀመሪያ የብረቱ፣ ቀጥሎ የመስታወቱ፣ ቀጥሎ የፈታይዋ። የጥሩምባ አውቶቡስ ከመንገዱ ወጣ፤ ቦዩ ውስጥ በአንድ ጎኑ ገብቶ ዘመመ፤ መስኮቶቹ አንድ በአንድ ፈነዱ። ከውስጥ የሰው ሁካታ ተሰማ። ቅርጫት፣ ጫማ፣ ክንድ በመስኮቶቹ በኩል ወጣ።

ዝግታ አውቶቡሱን አቆመ። ከጀርባው ፈታይዋ እጇን ደረቷ ላይ አጣብቃ «እጄ፣ እጄ» ትላለች። ደሟ የወንበሩን ጀርባ አልፎ የሱን አንገት ነክቶታል። ዞሮ ሊያያት ይገባ ነበር። አልዞረም። ከወንበሩ ሥር የጎማ መፍቻውን ብረት መዘዘና ወረደ።

ጥሩምባ ከጋቢናው በደረቱ እየተሳበ እየወጣ ነበር። ቀና ሲል ዝግታን አየ፤ ብረቱን አየ። እጁን አነሳ። ብረቱ ከእጁ ሥር ገብቶ መንጋጋውን አገኘው። ደረቅ እንጨት ሲሰበር እንደሚሰማው ነበር። ጥሩምባ ወደ ቦዩ ወደቀ። ዝግታ ሊደግመው ሲወርድበት የዝግታን እግር ጠልፎ ጣለው፤ ሁለቱም በጭቃው ውስጥ ተንከባለሉ። ጥሩምባ ያገኘውን ድንጋይ አንስቶ ጆሮ ግንዱ ላይ አሳረፈበት። ዝግታ ጉሮሮውን አነቀ። ከላይ ሰዎች ይጮሃሉ፤ እነሱ የሚሰሙት የራሳቸውን ትንፋሽ ብቻ ነው። ሁለቱ ረዳቶች ከተሳፋሪዎቹ ጋር ወርደው እንደ ተጣበቀ ጎማ እየታገሉ ነው የለያዩዋቸው።

ፈታይዋን ያለፈ የጭነት መኪና ወሰዳት። ሌሎቹም ቁስለኞች አብረው ሄዱ። ፖሊስ እስኪመጣ ሁለቱን አማቾች ቦዩ ዳር አስቀመጧቸው፤ መሀላቸው ረዳቶቹ ተቀመጡ። ጥሩምባ መንጋጋውን በፎጣ ደግፎ ይዟል። አፉ አይዘጋም፤ ምራቁ ከደም ጋር ይወርዳል። ፀሐዩ ጠነከረ።

ረፋድ ላይ አንድ ነጭ አውቶቡስ ከመናኸሪያው በኩል መጣ። አዲስ ነው፤ ጎማው እንኳን ገና ያብለጨልጫል። ጣሪያው ላይ የገበያ ጆንያ ተከምሯል። አጠገባቸው ሲደርስ ቀስ አለ፤ ረዳቱ ብቅ ብሎ «ቦታ አለ! የቀረ አለ?» አለ። ዳር ላይ ቆመው የነበሩት ተሳፋሪዎች አንድ በአንድ ገቡ። ነጩ አውቶቡስ ቄንጠኛ ክላክሱን ነፍቶ ሄደ።

ጥሩምባ ጣቱን ወደ ነጩ አውቶቡስ ዘረጋ። ከዚያ ጣቱን መልሶ ወደ ዝግታ ቀሰረው። ከጉሮሮው ድምፅ ወጣ፤ ቃል ግን አልሆነም።

«ምን እያለ ነው?» አለ ዝግታ።

የጥሩምባ ረዳት መሬት መሬት እያየ መለሰ። «የእሱን ሰዓት እኮ ነው ለዚያ የሰጡት። የገበያውን። እኛን አንተ ፊት ወረወሩን። የፋብሪካ ሰው ደግሞ ጆንያ የለውም፤ ያለ ጭነት ሒሳብ እሱ በምን ይኖራል? አንተ ተስማምተሃል አሉን።»

«ማነው ያለው?»

«ተራ አስከባሪው። ተጠርቶ ዝም አለ፣ ተስማማ አለን።»

«እኔ? እኔ መንገድ ላይ ነበርኩ!» ዝግታ ሊነሳ ሲል ረዳቱ ትከሻውን ይዞ መለሰው። «እሱ አይደል እንዴ የተስማማው! እሱ ሲጠራ የት ነበር?»

«ጋራዥ ነዋ። ሁልጊዜ ጠዋት አውቶቡሱ ሥር ተኝቶ ግራሶ ይቀባ የለ? ድምፅ ማጉያው ጋራዥ አይደርስም።»

ቦዩ ውስጥ ከተጋደመው አውቶቡስ ዘይት ጠብ ጠብ ይላል። ጥሩምባ ዓይኑን ጨፍኖ ራሱን ነቀነቀ፤ ትከሻው ሲንቀጠቀጥ ዝግታ አየ። ሕመም ይሁን ልቅሶ አላወቀም።

ፖሊስ ጣቢያው ከመናኸሪያው አጥር ጀርባ ነው። መርማሪው ዝግታን ወንበር ስቦለት አስቀመጠው። የሆነውን ከመጀመሪያ ጀምሮ እንዲናገር ጠየቀው፤ ሲጨርስም «የምትጨምረው አለ?» አለው። ዝግታ ግራ ተጋባ። የሰው መንጋጋ ሰብሮ ነው «የምትጨምረው አለ?» የተባለው።

አመሻሹ ላይ እህቱ መጣች። ከብረት ፍርግርጉ ማዶ ቆማ ለረዥም ጊዜ አየችው። እሱም ሊናገር ቀረብ ሲል እጇን በፍርግርጉ አሾልካ በጥፊ አለችው። የተሰበረው አፍንጫው እንደገና ደማ።

«ጋሼ አልልህም ዛሬ» አለች። «መንጋጋውን በሽቦ አሰሩት። ልጆቼ አባዬ ለምን አይናገርም አሉኝ። ምን ልበላቸው? አጎታችሁ ዝም አሰኘው ልበላቸው?»

«ተስማምቷል ብለውኝ ነው።»

«አንተም ተስማምተሃል ብለውታል! ታዲያ የኔ ቤት የት ነው? ባሕር ማዶ ነው? መጥተህ፣ ሰውዬ እውነት ነው ወይ ማለት አቃተህ?»

«ተናድጄ ነበር።»

«እነሱ ሳይጠይቁህ ፈረዱብህ። አንተስ እሱን ጠይቀኸዋል?»

ዝግታ ጨርቁን አፍንጫው ላይ ያዘ።

«በል» አለች ነጠላዋን እያጣፋች። «ዝም ያለ ተስማምቷል።» ዞራ ሄደች።

በማግስቱ ማክሰኞ ነበር። ዝግታ ጎሕ ሲቀድ ጀምሮ ፍርግርጉን ይዞ ቆመ። የጥበቃውን ፖሊስ ለመነው። «ከአጥሩ ወዲያ ነው ወንድሜ። በካቴና አስረህ ውሰደኝ። ዛሬ ይጠሩኛል፤ ካልቀረብኩ ለዘላለም ቀረ።»

ፖሊሱ «እዚህ የሰው መንጋጋ፣ እዚያ ደግሞ ሰዓት» አለ። «አንዱን ሳትጨርስ ሌላውን አትጀምር።»

አብሮት የታሰረው ኪስ አውላቂ ከጥግ ሆኖ ሳቀ። «እኔ በሕይወቴ ስጠራ እንዲህ ለመቅረብ የቸኮልኩበት ቀን የለም።»

ከአጥሩ ማዶ የሞተሮች ድምፅ ይሰማል። ቀጥሎ ድምፅ ማጉያው ተንኮሻኮሸና የኃላፊው ድምፅ መጣ። «የጎን ቁጥር አርባ አንድ። ተቃውሞ ካለው መስኮቱ ጋ ይቅረብ።»

«አቤት!» አለ ዝግታ። «አለሁ! እዚህ ነኝ!»

ድምፁ ግቢውን እንኳን አልተሻገረም።

«ጠንከር አድርገህ ጩህ እንጂ» አለ ኪስ አውላቂው። «እኔን ሲይዙኝ ከዚህ ይበልጥ ነው የጮህኩት።» ራሱም ተነስቶ ፍርግርጉን እየደበደበ «አርባ አንድ አለ! አርባ አንድ እዚህ ነው!» ይል ጀመር። ፖሊሱ መጥቶ ጣቶቹን በዱላ መታው።

«የጎን ቁጥር አርባ አንድ። ለሁለተኛ ጊዜ።»

ያኔ ነው ክላክሱ የተነሳው። ሻካራ ነበር፤ ጉንፋን የያዘው በሬ የሚያገሳ ይመስላል። ዝግታ የመናኸሪያውን ክላክሶች ሁሉ በድምፃቸው ያውቃቸዋል፤ ይሄን አላወቀውም። አላቋረጠም። ድምፅ ማጉያው «ለሦስተኛ…» አለና ተዋጠ። እንደገና ሞከረ፤ ተዋጠ። ቀጥሎ የሚሰበር መስታወት ድምፅ መጣ። ሰው ጮኸ። ቆመጥ ቆርቆሮ ላይ ያርፋል፤ አንዴ፣ ደግሞ፣ ደግሞ። ክላክሱ ለአፍታ ተቆረጠ። ተመለሰ። አሁን ግን ብቻውን አልነበረም። ሌላ ተጨመረ፤ ቀጥሎ ሌላ፤ ግቢው ውስጥ ያለ አውቶቡስ ሁሉ ይጮህ ጀመር። የእስር ቤቱ ቆርቆሮ ጣሪያ ተንቀጠቀጠ። ኪስ አውላቂው የተመታ ጣቱን አፉ ውስጥ ከትቶ ይስቃል።

በመጨረሻ ድምፅ ማጉያው ቀጭ ብሎ ጠፋ።

ከሰዓት በኋላ እህቱ መጣች። ጸጉሯ ውስጥ የመስታወት ስብርባሪ ነበር፤ እጅጌዋ ደም ነክቶታል። የራሷ ደም አልነበረም።

«ማነው?» አለ ዝግታ። «የማን ክላክስ ነው?»

«ያንተ ነዋ!»

«የኔ?»

«ያንተ አውቶቡስ። የሱማ ቦይ ውስጥ አይደል? ከሐኪም ቤት አምልጦ ወጣ። ቁልፉን ከረዳትህ ተቀብሎ ወንበርህ ላይ ተቀመጠ። አፍንጫውን መስኮቱ ላይ ደቀነው። መናገር አይችልም፤ ቁጥርህን ሲጠሩ ነፋላቸው።» መስታወቱን ከጸጉሯ እየለቀመች ቀጠለች። «ኃላፊው ብቅ ብሎ ይሄ ተቃውሞ አይደለም፣ ጩኸት ነው አለ። እኔ ሥሩ ቆሜ ነበር። ዝም ያለ ተስማምቷል ያላችሁት እናንተ ናችሁ፤ ይሄ ሰውዬ ዝም ብሏል? አልኩት። ጥበቃዎቹ የፊት መስታወትህን በቆመጥ አራገፉት። እጁን ደበደቡት፤ እንዲለቅ። በክርኑ ተጭኖ ነፋ። ጎትተው ሲያወርዱት ደግሞ ሌሎቹ ሾፌሮች የየራሳቸውን ክላክስ መንፋት ያዙ።»

«ከዚያስ?»

«ኃላፊው መስኮቱን ዘጋ። ቆይቶ ተራ አስከባሪው ጠመኔ ይዞ ወጣ። ከቁጥርህ ጎን፣ ከሱም ቁጥር ጎን፣ ተቃውሞ አለው ብሎ ጻፈ። አውቶቡሶች ሁሉ ገብተው ሲያበቁ፣ ምሽት ላይ ይሰማል ተባለ። ከእንግዲህም ተቃውሞ ሁሉ በምሽት እንዲሰማ ሾፌሮቹ ሳያስጽፉ አልለቀቁትም። አንተም በፖሊስ ታጅበህ ትቀርባለህ።»

«ሰዓቱ ተመለሰ?»

«አልተመለሰም። ይሰማል ነው የተባለው።»

ዝግታ ፍርግርጉ ላይ ግንባሩን አሳረፈ። «ፈታይዋስ?»

እህቱ ነጠላዋን ወደ ትከሻዋ ሳበች። «ሁለት ጣቷን ቆረጡት። ዛሬ እዚህ መጥታ ቃሏን ሰጥታለች። ባንተ ላይ።»

«ትናገር» አለ። «ሁሉንም ትናገር።»

«እሱም አንድ ነገር ልኮኛል» አለች እህቱ። ድምፏ ከጠዋቱ ጀምሮ የጮኸ ሰው ድምፅ ነበር። «በታሰረ ጥርሱ መሀል ነው ያወጣው፤ አፌ ላይ ጆሮዬን ለጥፌ ነው የሰማሁት።» ራሷም በንግግሯ ልትስቅ ነበር፤ ተወችው። «አፉ ላይ ማለቴ ነው። ጋሼን ጠይቂው አለኝ። ሳይጠይቀኝ ለምን መታኝ? በይው። መልሱን ሳልሰማ አልፈርድም አለ። ተቀምጦ እየጠበቀኝ ነው።»

ዝግታ ቀና ብሎ አያት። ፖሊሱ ሰዓቱን አሳይቶ «አሳጥሩት» አለ።

ፖሊሱን «ወንበር ስጥልኝ ለእህቴ» ሊለው ፈልጎ ነበር፤ እዚያ ወንበር የለም። እህቱ ራሷ ወለሉ ላይ፣ ከፍርግርጉ ማዶ፣ እግሯን አጥፋ ተቀመጠች። እሱም ከወዲህ ተቀመጠ። የተመታው ጉልበቱ አልታጠፍ ብሎት ወደ ጎን ዘረጋው።

ከዚያ ቀስ ብሎ፣ እንደ ድሮው፣ መናገር ጀመረ።